የዜማ ምልክት ያረፈበት ወረቀት

ያንን ዘፈን መጀመሪያ የሰማሁት የስማዳዋ ከተማ ወገዳ፣ የስልክ መጠገኛ ሱቃችን ውስጥ ነው። የአክስቴ ባል ስልክ ይጠግናል፤ እኔ አጠገቡ ተቀምጬ ለገበያተኛው ሚሞሪ ላይ ዘፈንና መዝሙር እጭናለሁ። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ውጤት ካልመጣልኝ ወዲህ ሥራዬ ይኸው ነው። ሥራው ሰውን ያስተምራል። ነጠላውን አጣፍቶ የመጣ ሽማግሌ ሱቁ ሙሉ ሰው እየሰማው "መዝሙር ብቻ አርጊልኝ ልጄ" ይላል፤ ከዚያ ጎንበስ ብሎ "ከሥሩ ሁለት ሦስት ፉከራ ጣል አርጊበት" ይለኛል። ሰው ጮክ ብሎ ከሚናገረው ሌላ እንደሚፈልግ ያወቅሁት እዚያ በርጩማ ላይ ነው። ከዚያ ወዲህ ጆሮዬ የሚያምነው ጎንበስ ተብሎ የሚነገረውን ብቻ ነው።

አንድ የጭነት መኪና ሾፌር ሊያሠራ ሰጥቶ ሳይመለስ የቀረ ስልክ ነበር። ዓመት ሊሞላው ሲል የአክስቴ ባል "ሚሞሪውን አውጪና ተጠቀሚበት፤ ሰውዬው ከመጣ ሌላ እንሰጠዋለን" አለኝ። ከፈትሁት። ፎቶ የለም፣ መዝሙር የለም፣ ቪዲዮ የለም። አንድ ዘፈን ብቻ አለ። ነገሩ አላማረኝም። እኔ ሚሞሪ ስሞላ ነው የምውለው፤ ሰው እስኪጠቀጠቅ አስጭኖ "ቦታ ቀረው ወይ?" ይላል እንጂ አንድ ዘፈን ብቻ ይዞ አይዞርም። ይህ ሰው ወይ የሚደብቀው ነገር አለ፣ ወይ ደግሞ ሌላውን ሁሉ አጥፍቶ ይችን ለማጥፋት ጣቱ እንቢ ብሎታል።

ሮክ የሚሉት የፈረንጅ ዘፈን ነው። መጀመሪያ ላይ ሰውዬው የሚያወራ እንጂ የሚዘፍን አይመስልም፤ ከሥሩ አንድ ጊታር ቀስ እያለ ይሄዳል። ከዚያ ከበሮው ይገባና ሰውዬው እሪ ይላል። የእኔ እንግሊዝኛ የትምህርት ቤት ነው፤ ሲጻፍ እንጂ ሲጮኽ አይገባኝም። ስለዚህ የሰማሁትን ድምፅ እንዳለ በእኛ ፊደል ጻፍሁት። ከዚያ መዝገበ ቃላት ይዤ ቃል በቃል ፈታሁት። ሦስት ሳምንት ፈጀብኝ።

የዚህን ያህል የደከምሁት ወድጄው አይደለም፤ ልይዘው ፈልጌ ነው። ግጥም እጽፋለሁ፤ ማንም አላስተማረኝም፣ ማንንም አላሳየሁም። "ተስፋ" የሚል ቃል ያለበት ግጥም ሳነብ፣ ገበያ መሐል ሰው ሲጋፋኝ እንደማደርገው፣ ኪሴን እዳብሳለሁ። ብዙ ጊዜ የሆነ ነገር ሊወሰድብኝ ነው። ይህም ሰውዬ እንዲህ እየጮኸ መጨረሻ ላይ ያችን ቃል ሊሸጥልኝ ነው ብዬ ጠበቅሁ።

አልሸጠልኝም። ዘፈኑ ውስጥ አንድ ሰው ገመድ ይዞ ተንጠልጥሏል። ግድግዳው እርጥብ ነው፤ መዳፉ ተልጧል፤ ቢጣራ የሚሰማው የለም፤ የራሱ ድምፅ ራሱን ሰልችቶታል። እስከ ማብቂያው እንዲሁ ነው። ማብቂያው ላይ ብቻ "ገና አልለቀቅሁም" ይላል፣ አንድ ጊዜ፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ። ከዚያ ዝም ይላል። አንድ ጊዜ ብቻ ማለቱ ጥርጣሬዬን ትንሽ አላላው። ሙሉ በሙሉ ግን አልለቀቀኝም።

ኅዳር ላይ ወንድሜ ከጋይንት መጣ።

ወንድሜ የድጓ ተማሪ ነው። ድጓ የዓመቱ በዓላት ዜማ ነው፤ መስከረም አንድ ብሎ ይጀምርና ዓመቱን ዞሮ ያልቃል። ተማሪው ዜማውን በቃሉ ይይዛል፣ ምልክቱን ይማራል፣ የራሱንም መጽሐፍ በእጁ ይጽፋል። ጋይንት ያለችው የድጓ ማስመስከሪያ ደብር፣ ቤተ ልሔም፣ ሄዶ መምህሩ ፊት ያላስመሰከረ ሰው "የድጓ መምህር ነኝ" ቢል የሚሰማው የለም። ወንድሜ እዚያ ለመድረስ ከልጅነቱ ጀምሮ ከደብር ደብር ሲንከራተት ኖሯል። ቤተ ልሔም ከገባም አራተኛ ዓመቱ ነበር።

"መኸር ላግዛችሁ ብዬ ነው" አለ፣ ማኅደሩን ግድግዳው ላይ ሰቅሎ። ማኅደር መጽሐፍ የሚያዝበት የቆዳ ከረጢት ነው። አንድ ሳምንት ሙሉ ከተሰቀለበት አልወረደም። ያኔ ነው ያላመንሁት። ወንድሜ ድሮ በሬ ሲያግድ እንኳ ከንፈሩ አያርፍም ነበር፤ አሁን ከንፈሩ የሚንቀሳቀሰው ሲበላ ነው። አባቴም አላመነውም፤ ግን አባቴ የጠረጠረው ሌላ ነው። "አባረውት እንደሁ ጠይቂው" አለኝ በረት ውስጥ።

"ራስዎ አይጠይቁትም?"

"እኔ ብጠይቀው ይነግረኛል። ከነገረኝ ደግሞ ማወቄ ነው" አለ አባቴ።

ጎረቤቱ በበኩሉ የራሱን ጠረጠረ። በእኛ አገር የቤተ ክህነት ተማሪ ሳይጠበቅ ከመጣ አንድ ነገር ተምሮ ነው ይባላል፤ አንድ ነገር ሲባል ድጓ ማለት አይደለም። አንዲት ጎረቤታችን ላሟ ወተት ስለከለከለቻት ክታብ እንዲጽፍላት መጣች። "እኔ ክታብ አላውቅም፣ እመት" አላት። "አታውቅም? ለሀብታም ቢሆን ታውቀው ነበር" ብላ ወጣች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጆቿ በደጃችን ሲያልፉ ይሮጣሉ።

እውነቱን የነገረኝ ገብስ ስናበራይ ነው። "ወደ መስከረም መለሱኝ፣ እታለም" አለ፣ ዐይኑ በሬዎቹ ላይ እንዳለ።

ዓመቱን ሙሉ ዘልቆ ጨርሶ፣ ለማስመስከር ሲቀርብ፣ መምህሩ ሰምተውት "አልበሰለም፤ ከመስከረም ጀምር" ብለውታል። ጀመረ። ዳግመኛ ዘልቆ ቀረበ። ዳግመኛ "ከመስከረም" አሉት።

"የመጀመሪያው ጊዜ ተቆጨሁ፤ ቁጭቱ ሌት ተቀን አስጠናኝ" አለ። "ሁለተኛው ጊዜ ምንም አልተሰማኝም። እሽ የኔታ ብዬ ወጣሁ፤ መንገዱ ወደዚህ አመጣኝ።"

ማጽናኛ ቃል በአፌ መጥቶልኝ ነበር፤ ቃሉን ስለማውቀው ዋጥሁት። ስልኬን ከኪሴ አወጣሁና ያንን ዘፈን ከፈትሁለት። አውድማ ላይ ፉጨትም እንኳ አይወደድም፤ የገብሱን በረከት ያሸሻል ይባላል። ከበሮው ገብቶ ሰውዬው እሪ ሲል አባቴ መንሹን ተክሎ ቆመ።

"ይኼ ሰውዬ ምን ሆኖ ነው?"

"እየዘፈነ ነው፣ አባ።"

"ከብት የጠፋበት ነው የሚመስለው" አለና ወደ ገብሱ ተመለሰ። ቆይቶ ደግሞ "በይ ዝጊው፤ ምን እንደሚል ሳናውቅ በእህል ላይ አይጮኽም" አለ።

ወንድሜ ግን በሬዎቹን አቁሟቸው ነበር። "ድገሚው" አለኝ። ማታ እንጨት ስንሰብርም "ድገሚው" አለኝ። በሦስተኛው ቀን፣ አንድ የእንግሊዝኛ ቃል ሳያውቅ፣ ሰውዬው የት ላይ ድምፁን እንደሚደፋ፣ የት እንደሚያንቀጠቅጥ፣ የት እንደሚይዝ ይነግረኝ ጀመር። "አነሳሱ የእኛን አራራይ ይመስላል፤ የልመና ዜማ ነው። ኋላ ነው የሚያብደው" አለ። በፊደል የጻፍሁበትን ወረቀት ሰጠሁት። ብዕር ጠየቀኝና ከቃሎቹ ራስ በላይ የድጓ ምልክት ያደርግ ገባ፤ ነጥብ፣ ቅስት፣ ጭረት። ከመጣ ጀምሮ ብዕር ሲነካ ያየሁት ያኔ ነው። ሁለት ቀን ፈጀበት። ከንፈሩ ይንቀሳቀስ ነበር።

ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። እኔ ግን እያየሁት፣ ይህ ሰው እየተመለሰ ነው ወይስ ሌላ መሸሻ አገኘ እያልሁ ነበር።

ውቂያው ሲያልቅ ማኅደሩን ከግድግዳው አወረደ። "ወረቀቱን ልውሰደው?" አለኝ። "ውሰደው" አልሁት። አባቴ እስከ ወንዙ ሸኘው፤ ምን እንዳወሩ አላውቅም፣ ሁለቱም የሚያወሩ ሰዎች አይደሉም።

ጥር መጨረሻ ላይ ከማላውቀው ቁጥር ተደወለልኝ። ከወንድሜ ጋር አንድ ጎጆ የሚያድር ተማሪ ነው። ገበያ ወጥቶ የሰው ስልክ ለምኖ ነበር የደወለው።

"ወንድምሽ ጉባኤ እንዳይገባ ታግዷል" አለኝ፤ ጉባኤ የኔታ የሚያስተምሩበት ነው። "ወረቀት ተገኝቶበታል። ፊደሉ የእኛ ነው፣ ቃሉ የማንም አይደለም። ላዩ ላይ ምልክት አለበት። ድግምት ነው እያሉ ነው።"

"እሱ ምን አለ?"

"ምንም። ሲጠየቅ መሬት መሬት ያያል። እስከ እሑድ ካልተናገረ የኔታ ሊያሰናብቱት ነው።"

"ጽሑፉ የእኔ ነው፤ ማስረጃው ስልኬ ላይ አለ፤ እመጣለሁ በላቸው" ብዬው ስልኩን ዘግቼ ተቀመጥሁ። ለምን እንዲያ እንዳሉ ለመረዳት ብዙ ማሰብ አላስፈለገኝም፤ እኔም ወረቀቱን መንገድ ላይ ባገኘው ያንኑ ነበር የምለው። በእኛ አገር ፊደሉ የሚነበብ፣ ትርጉሙ የማይገባ ጽሑፍ ለሰው የተጻፈ አይደለም። ክታቦች ሁሉ እንደዚያ ናቸው፤ ማንም የማያውቃቸው ስሞች ተደርድረውባቸዋል። እንግሊዝኛን በአማርኛ ፊደል የመጻፍ ነገር ወገዳ ለሚማር ልጅ ቀልድ ነው፤ ቤተ ልሔም ግን ማን ያውቀዋል?

ሄጄ እውነቱን መናገር ነበረብኝ። ግን እውነቱስ? "ድግምት አይደለም፣ ዘፈን ነው" ልል ነው። የቤተ ክርስቲያንን ምልክት በጩኸት ዘፈን ራስ ላይ ማሳረፍ ከድግምት ይሻላል? ድግምት የጻፈ ተማሪ ከድሮም ይኖር ይሆናል፤ ለዘፈን ምልክት ያወጣ ግን ሰምቼ አላውቅም። ወንድሜ ዝም ያለው ይህን መዝኖ መሰለኝ። ወይም እኔን ላለማንሳት። የደዋዩ ነገርም አልጣመኝም። ወሬ የሚያመጣ ሰው ብዙ ጊዜ ወሬው ውስጥ እጁ አለበት። አንድ ጎጆ ያድራሉ፤ ወረቀቱን ከእሱ በቀር ማን አይቶት ያውቃል?

መንገዱ በጸጥታ ምክንያት ተዘግቶ ሰንብቶ ነበር። በተከፈተ በሁለተኛው ቀን ተሳፈርሁ። ስልኬ ላይ ዘፈኑ አለ፤ ምስክሬ እሱ ነው። ግማሽ መንገድ ላይ መኪናው ቆመ፤ ፍተሻ ነው። ከፊቴ የነበረው ወጣት ስልኩን ሰጥቶ ስለ እያንዳንዱ ፎቶ ሲጠየቅ አየሁ። "ይህ ማነው? ይህ የት ነው? ይህን ማን ላከልህ?" ተራዬን ቆጠርሁ፤ ሦስተኛ ነኝ። የማያውቁት ቋንቋ፣ እሪ የሚል ሰው፣ ጊታር። ምንድን ነው ቢሉኝ ምን ልላቸው ነው? "ስለ ገመድ ነው" ልላቸው? ሳላስበው ጣቴ አጠፋው። ተራዬ ሲደርስ ፊቴን አይተው "ተማሪ ነሽ? እለፊ" አሉኝ። ስልኬን የነካው የለም።

የቀረውን መንገድ በራሴ ላይ ስናደድ ሄድሁ። ሱቁ ውስጥ ያለው ኮምፒዩተር ላይም አልጫንሁትም ነበር። የሾፌሩ ሚሞሪ ያው ስልኬ ውስጥ የነበረው ነው።

ቤተ ልሔም ስደርስ ደዋዩ ከአጥሩ በር ላይ ቆሞ ጠበቀኝ። ደበሎ የደረበ ቀጭን ልጅ ነው፤ አኩፋዳው፣ ቁራሽ የሚለምንበት ቅርጫት፣ ትከሻው ላይ ነው።

"አንቺ ነሽ እኅቱ? ደኅና ገባሽ? መንገዱ እንዴት ነበር?"

"ወረቀቱን ማን አገኘው?"

"እናንተ ዘንድ ሰላምታ የለም? እኔም የስማዳ ልጅ ነኝ፤ እኛ ዘንድ አለ።"

"ማን አገኘው አልሁህ።"

"የኔታ መጽሐፍ የሚያስደግፉበት አትሮንስ ላይ ተገኘ። ጠዋት ጉባኤ ሲሞላ አንዱ አነሣው።"

"ማን አስቀመጠው?"

"መልአክ አላስቀመጠውም።"

"ጎጆ ውስጥ ከእሱ ጋር የምታድረው አንተ ብቻ ነህ።"

"እኔና ቁንጫው" አለ። ከዚያ ፊቱ ተለወጠ። "ለዚህ ነው ለሰው ስልክ ስለምን የዋልሁት? ነይ፣ የኔታ እየጠበቁሽ ነው። ትመጣለች ብያቸዋለሁ።"

አላመንሁትም። ተከተልሁት።

የኔታ ወይራ ዛፍ ሥር፣ ቁርበት የተነጠፈበት ድንጋይ ላይ ተቀምጠዋል። ዐይናቸው ከደከመ ቆይቷል፤ ድጓውን ሙሉ የያዙት በልባቸው ነው። ወንድሜ ራቅ ብሎ ቆሟል። እኔን ሲያይ አልደነገጠም፣ ደስም አላለውም። ተናደደ። ያን ጊዜ አልገባኝም።

"ቅረቢ ልጄ" አሉ የኔታ። "ይህ ወረቀት ያንቺ ነው ይባላል።"

"ጽሑፉ የእኔ ነው፣ የኔታ። ምልክቱ የእሱ ነው።"

"ምንድን ነው?"

"ዘፈን ነው። የፈረንጅ ዘፈን።"

ዙሪያውን የተቀመጡት ተማሪዎች ተንቀሳቀሱ። የኔታ እጃቸውን አነሱ።

"ዘፈኑን የያዘ ዕቃ አለሽ አሉ።"

"ነበረኝ። ፍተሻ ላይ ፈርቼ አጠፋሁት።"

"እንግዲያ ምስክር የለሽም።"

"የለኝም፣ የኔታ።"

"ምን ይላል?" አሉ ኋላ።

መንገድ ላይ፣ እሱን ካጠፋሁ በኋላ፣ ሌላ የምይዘው ሳጣ ወደ አማርኛ ገጥሜው ነበር። ግጥሜን ለሰው ስናገር የመጀመሪያዬ ነው። መሬት መሬት እያየሁ አልሁት፦

ጉድጓዱ ጠልቆብኝ ውሃው ከእኔ ርቋል፤
የያዝሁት ገመድም መዳፌን ልጦታል፤
ብጣራ ብጣራ ድምፄም ሰልችቶኛል፤
ቢሆንም አልለቅም፤ ክንድ ያህል ቀርቶኛል።

"ይህን ፈረንጁ ነው ያለው?"

"ጉድጓድ አላለም፤ ግድግዳ ነው ያለው። ጉድጓዱን ለእኛ እንዲገባ እኔ አደረግሁት።"

"ክንድ ያህል ቀርቶኛል ብሏል?"

ዋሽቼ ማለፍ እችል ነበር። "አላለም፣ የኔታ። ገና አልለቀቅሁም ነው ያለው። ክንዷን እኔ ጨመርሁ።"

"ባለቅኔም ይጨምራል" አሉ። "ሲጠየቅ ግን እንዲህ ይናገራል።" ከዚያ ራሳቸውን ወደ ተማሪዎቹ አዞሩ። "ይህን ዘፈን ሰምቶ የሚያውቅ አለ?" ማንም አልመለሰም። "አንተ" አሉት ደዋዩን፣ "ወረቀቱን ያዝና ምልክቱ እንደሚልህ አዚም። ቃሉ አይገባህም፤ አይግባህ። አንቺ ልጅ ደግሞ ጆሮሽን ያዢና ስሚ። የምታውቂው ከሆነ ትነግሪኛለሽ።"

ፈተናው ያኔ ገባኝ። ልጁ ዘፈኑን ሰምቶት አያውቅም። ምልክቱ እውነተኛ ዜማ ከሆነ ከእሱ አፍ ያው ዘፈን ይወጣል፤ ለማስመሰል የተጣለ ከሆነ ምንም አይወጣም። ልጁን ስለጠረጠርሁት፣ አበላሽቶ ሊያሳጣው ነው ብዬ ፈራሁ።

ወረቀቱን ዐይኑ ላይ አስጠግቶ ጀመረ። ጊታር የለም፣ ከበሮ የለም። የድጓ ተማሪ ድምፅ ነው፣ ረጅምና የተረጋጋ። የማይገባውን ቃል እንደ ግዕዝ እየጎተተ ያነሣል። ግን እሱ ነው፤ ያ ሰውዬ ነው፤ ሱቅ ውስጥ ስሰማው የነበረው። አንድም ቦታ ሳይሰርቅ ሄደ። መጨረሻው ላይ ግን፣ "ገና አልለቀቅሁም" የሚለው ላይ፣ ድምፁ ወደ ታች ወረደና አለቀ።

"እሱ ነው?" አሉ የኔታ።

"እሱ ነው። መጨረሻው ላይ ግን እንዲያ አይደለም።"

"እንዴት ነው? በይው።"

ሃያ የሚሆን የድጓ ተማሪ ፊት፣ ስንጥቅጥቅ ባለ ድምፄ አልሁት። ድምፄን ወደ ላይ አውጥቼ አቆምሁት፣ ሰውዬው እንዳደረገው። ከኋላ አንዱ ሊስቅ ሲል አፉን ያዘ።

"እዚያ ላይ የተጻፈው ምልክት ምንድን ነው?" ብለው ጠየቁ የኔታ።

"ድፋት ነው፣ የኔታ" አለ ደዋዩ። ድፋት ድምፅን ወደ ታች የሚደፋ ምልክት ነው።

"ልጅቱ ያለችው ቅናት ነው። ወደ ላይ ነው የሚያቀናው።" ወንድሜ ወዳለበት ፊታቸውን መለሱ፤ ሳያዩት የት እንደቆመ ያውቃሉ። "ሰምተህ ነው እንዲህ የጻፍኸው?"

"ሰምቼ ነው" አለ ወንድሜ። ከመጣሁ የተናገረው የመጀመሪያው ቃል ነው።

"እንግዲያ የሰማኸውን አልጻፍህም።" ወረቀቱን ተቀበሉና አጥፈው ከቁርበቱ ሥር አደረጉት። "ስሙኝ። አስማት ዜማ አይፈልግም፤ በጉንጭ ውስጥ የሚጉተመተም ነው። ይህ አስማት አይደለም። ጥፋት ግን ነው፤ ቀኖናውን ከነፍስ አባቱ ይቀበላል። እኔ ደግሞ ድፋትና ቅናት የተሳሳተበትን ተማሪ ከእኔ ቤት አላሰናብትም፤ በየሄደበት የሚነሣው የእኔ ስም ነው። ነገ ጠዋት ጉባኤ ይግባ።"

"ከየት ልጀምር፣ የኔታ?" አለ ወንድሜ።

"ከመስከረም።"

ወንድሜ ጎንበስ ብሎ መሬት ሳመ። ወደ መስከረም ሲመለስ ሦስተኛው መሆኑ ነው። ቀና ሲል ፊቱን ፈለግሁ፤ የሚነበብ ነገር አልነበረውም።

ወደ መንገዱ ሸኘኝ፤ ወሬውን እኔ ነኝ የጀመርሁት።

"ወንድምዓለም፣ ያ ልጅ ነው ወረቀቱን ያስቀመጠው። ነገ ሌላ ያደርግብሃል። ጎጆ ቀይር።"

"እሱ አይደለም።"

"በምን አወቅህ?"

"እኔ ስላስቀመጥሁት።"

ቆምሁ።

"ልተወው ፈልጌ ልተወው አቃተኝ" አለ። "አባ እስከ ወንዙ ሲሸኘኝ 'ከዚህ በኋላ ባዶ እጅህን አትምጣ' አለኝ እንጂ ሌላ አላለም። ሰለቸኝ ብዬ ልመለስ አልችልም። ካባረሩኝ ግን አባረሩኝ ነው፤ ማንም ምንም አይለኝም። ወረቀቷን አየኋት፤ ማንም አያውቃትም። አትሮንሱ ላይ አኖርኋትና ጠበቅሁ። እሑድ ቤት እገባ ነበር። መጣሽ።"

ተናዶ ያየኝ ለዚህ ነበር። ሁሉንም ጠርጥሬ፣ ደዋዩን፣ ሾፌሩን፣ የራሴን ጣት ጠርጥሬ፣ እሱን ብቻ ዘልዬዋለሁ።

"ታዲያ ዛሬ ለምን እሽ አልህ?"

"ምን ልበል? ምልክት ተሳሳትህ አሉኝ።" ትንሽ ሄደና "ተሳስቼ እንደሁ አላውቅም" አለ። "አሥር ጊዜ ሰምቼዋለሁ። ሁልጊዜ ወደ ታች ነበር የሚሰማኝ።"

"ነገ ትገባለህ?"

"እንጃ። በጠዋቱም መንገድ አለ" አለ። "አንቺ ሂጂ፤ መኪናው ያመልጥሻል።"

እንዲያመልጠኝ አደረግሁ። ተማሪዎቹን የሚያበሉ አንዲት እማሆይ ቤት አደርሁ። "የማን እኅት ነሽ?" አሉኝ፤ ነገርኋቸው። "ያ ዝምተኛው? ደኅና ልጅ ነው፤ ቆሎ ስሰጠው ፍሬ አይጥልም" አሉ። ይህም ምስክርነት ነው፤ ግን ለምን እንደሚሆን አላወቅሁም።

ጠዋት ፀሐይ ስትወጣ ከጉባኤው አጥር ውጭ ቆምሁ። አጥሩ የአጋም ነው፤ ውስጡን አያሳይም። ተማሪዎቹ ሁሉም የየራሱን በአንድ ጊዜ ያዜማል፤ እንደ ንብ ቀፎ ነው። የወንድሜን ድምፅ ለመለየት ሞከርሁ። ከልጅነቴ የማውቀው ድምፅ ነው፤ ከሃያው ውስጥ ግን ሦስቱ እሱን ይመስሉ ነበር።

ደዋዩ አኩፋዳውን ይዞ ከበሩ ወጣና አየኝ።

"ዛሬ ደግሞ ማንን ነው የምትጠረጥሪው?"

"ትናንት ያልሁህን ይቅር በለኝ" አልሁት።

"ይቅር። እኔም ብሆን እኔን እጠረጥር ነበር፤ ከእኔና ከቁንጫው ማን ይታመናል?"

"ገብቷል?"

"ስሚ እንጂ። ጆሮሽ ደኅና እንደሆነ ትናንት አይተናል" አለና ወደ መንደሩ ወረደ።

ቆይቶ ሌሎቹ ጸጥ አሉ፤ የኔታ ዘንድ የቀረበ ሰው አለ ማለት ነው። አንድ ድምፅ ብቻውን ጀመረ፤ የመስከረምን መጀመሪያ። ደረቅ ነው፣ ያልተኛ ሰው ድምፅ ነው። እሱ ይመስላል። ሌላም ሊሆን ይችላል። ጥቂት እንደሄደ የኔታ መሬቱን በበትራቸው መቱት፤ "ተመለስ" አሉ። ድምፁ ተመለሰ። እንደገና ያችው ቦታ ሲደርስ በትሩ ተሰማ፤ "ተመለስ።" አሁን ዝምታው ረዘመ። አጋሙን በእጄ ገፍቼ ለማየት ሞከርሁ፤ እሾሁ አላሳለፈኝም። ማኅደር ሲነሣ፣ ሰው ሲቆም፣ የበሩ መወርወሪያ ሲሳብ እሰማለሁ ብዬ ትንፋሼን ይዤ ጠበቅሁ።

የሰማሁት ያንኑ የመስከረም ቃል ነው፣ ከመጀመሪያው።